ብራዚል የሚጫወትበት ሰዓት

እትየ ጸሐይነሽ ኳስ ቤት የገቡት በሃምሳ ስምንት ዓመታቸው ነው። ከዚያ በፊት ቴሌቪዥን የሚባለውን ነገር የሚያውቁት ወረታ ገበያ ሲወጡ፣ በሻይ ቤቶች በር ላይ ሲያልፉ፣ በጨረፍታ ነበር። ሥራቸው እርሻ ነው። ቤታቸው ከወረታ ጫፍ፣ የከተማው ቤት አልቆ የሩዙ ማሳ ከሚጀምርበት ላይ ነው። ክረምት ሲሆን የርብ ወንዝ ሞልቶ ሜዳውን ውኃ ያለብሰዋል። ውኃው ሲሸሽ ሩዙ ይቀራል፤ ሩዙ ሲነሣ በእርጥቡ መሬት ላይ ጓያ ይዘራል። እትየ ጸሐይነሽ ከባላቸው ከአዛናው ጋር ሲዘሩና ሲያጭዱ ዕድሜያቸውን በዚህ ሜዳ ላይ ጨረሱ። ከወለዷቸው ልጆች ያደገላቸው አንድ እንግዳው ብቻ ነበር።

እንግዳው ብራዚልን ያወቀው በሰባት ዓመቱ ነው። በዘጠና አራት ዓመተ ምሕረት፣ ሰኔ ሲያልቅ፣ አባቱ ሩዝ ሊያስፈለፍሉ ወደ ከተማ ሲሄዱ ይዘውት ሄዱ። መፈልፈያው ቤት ወረፋ ነበረውና አባትና ልጅ አጠገቡ ካለው ሻይ ቤት በር ላይ ቆሙ። ውስጥ ሰው ተደራርቦ ቴሌቪዥን ያያል። የዓለም ዋንጫ የመጨረሻው ጨዋታ ነበር። አዛናው ልጁ እንዲያይ ትከሻቸው ላይ አወጡት፤ ጨዋታው እስኪያልቅም አላወረዱትም። ማታ ልጁ ለእናቱ ወሬ ይዞ ገባ።

"እማ፣ ብራዚል የሚባል አገር አለ። ሰዎቹ ቢጫ ይለብሳሉ።"

"ምን ይሠራሉ?" አሉት።

"ይጫወታሉ።"

"ሌላስ?"

ልጁ ትንሽ አሰበና፣ "ሌላ አላየሁም" አላቸው።

ከዚያ ወዲህ በዚያ ቤት የብራዚል ነገር አላባራም። ልጁ ቢጫ ልብስ አማረው። ቢጫ ልብስ ከየት ይምጣ። እናቱ አንድ ያረጀ ነጭ ካናቴራ ፈልገው በእርድ ቀቀሉለት፤ ወርቅ መሰለ። ለብሶት ከሰፈሩ ልጆች ጋር ሊጫወት ወጣ። ጨዋታው ሳያልቅ ዝናብ ጣለና እርዱ ታጥቦ፣ ልጁ አንገቱም ሆዱም ቢጫ ሆኖ ተመለሰ። ቀለሙ ከገላው ቶሎ አልለቀቀም። አዛናው ባዩት ቁጥር ይስቁ ነበር። እሱ ግን "እኔ ራሴ ብራዚል ሆንሁ" እያለ ኮራ።

አድጎም አልተወው። የዓለም ዋንጫ እዚያው ብራዚል አገር በተደረገበት ዓመት እንግዳው ጎረምሳ ነው። በዚያው ሰሞን ላማቸው ወንድ ጥጃ ወለደች፤ እንግዳው "ሳምባ" ብሎ ስም አወጣለት።

"ሳምባ?" አሉ አዛናው። "ጥጃ በሳምባ ይጠራል? ጉበት ብትለው አይሻልም?"

"የዚያ ሳምባ አይደለም አባ። የብራዚሎች ጭፈራ ነው። ሲያገቡ ይጨፍሩታል።"

"በሠርጋቸው?"

"ጎል ሲያገቡ።"

አዛናው ራሳቸውን ነቀነቁ፤ ጥጃውም ሳምባ ተብሎ ቀረ። በዚያ ዓመት ግን ብራዚል በገዛ ሜዳው ሰባት ለአንድ ተሸነፈ። እንግዳው እህል ሳይቀምስ ተቀመጠ። እናቱ ምንም አልጠየቁትም። አጠገቡ ተቀምጠው ጀርባውን አሻሹለት። ብራዚል በተሸነፈ ቁጥር እንዲሁ ነበር። በዚያ ዕድሜ ያለ ወንድ ልጅ ለእናቱ የሚነግረው ነገር እያነሰ ይሄዳል፤ እሱም ከሌላው የተለየ አልነበረም፤ በሽንፈቱ ቀን ግን ወደ እናቱ ይመጣል።

አዛናው በሁለት ሺህ አሥራ ሁለት ጥር ላይ ታመው፣ ብዙም ሳይቆዩ አረፉ። እንግዳው አንድ ክረምት ለእናቱ አረሰላቸው። መስከረም ሲጠባ "የሰሊጥ አጨዳ ደርሷል" ብሎ፣ እንደ ብዙው የአገሩ ጎረምሳ፣ ወደ መተማ ሄደ። "ለአባቴ ሙት ዓመት እመለሳለሁ" ብሎ ነበር። አልተመለሰም። ካህናቱ መጡ፣ ዘመድ ተሰበሰበ፣ እትየ ጸሐይነሽ ዓይናቸውን ከበሩ ሳይነቅሉ ዋሉ። ሙት ዓመቱ ካለፈ በኋላ ከሱዳን ስልክ ደወለ። ለሥራ ድንበር ተሻግሮ እንደነበረ፣ የሰሜኑ ጦርነት ሲነሣ መንገዱ እንደተዘጋበት ሊያስረዳቸው ጀመረ። አላስጨረሱትም።

"አባትህ ልጅ እንዳልወለደ ሰው ሆኖ ተዘከረ። እኔም አልወለድሁም" አሉትና ዘጉት።

በማግስቱ ቁጥሩን ሲያስደውሉ አይሠራም። በሳምንቱም አይሠራም። ወሩ፣ ክረምቱ፣ ሌላው ክረምት አለፈ። ከመተማ የሚመለሰውን ሁሉ ይጠይቃሉ። አንዱ "ካርቱም አይቸዋለሁ" ይላቸዋል፤ ሌላው "ሊቢያ ገብቷል አሉ" ይላቸዋል። አንድ ቀን ቤተ ክርስቲያን ሄደው ስሙን ለጸሎት ሲሰጡ ቄሱ፣ "በሕይወት ካሉት ነው ካረፉት?" ብለው ጠየቋቸው። ቄሱ ክፉ አስበው አልነበረም፤ የሁሉንም እንዲሁ ይጠይቃሉ። እትየ ጸሐይነሽ "ካሉት" ለማለት አፋቸውን ከፍተው ድምፅ አልወጣላቸው አለ።

በሁለት ሺህ አሥራ አምስት ኅዳር፣ የነቢያት ጾም በገባበት ቀን፣ ጨው ሊገዙ ገበያ ወጥተው ሲመለሱ ባጃጆቹ ላይ ቢጫ ጨርቅ ታስሮ አዩ። ሁለት ወጣቶች ቢጫ ማሊያ ለብሰው እየተሳሳቁ ያልፋሉ።

"ልጆቼ፣ ምን ተገኝቶ ነው?" አሏቸው።

"ዓለም ዋንጫ ነው እናቴ። ዛሬ ብራዚል ይጫወታል።"

እትየ ጸሐይነሽ መንገዱ መሐል ቆሙ። ቤታቸው እስኪደርሱ አንድ ሐሳብ ብቻ ያመላልሱ ነበር፤ እንግዳው በሕይወት ካለ፣ የትም ይሁን፣ ዛሬ ይኸን ጨዋታ ያያል። ሁለት ዓመት ሙሉ ልጃቸው የት እንደሚውል፣ ምን እንደሚያደርግ አያውቁም ነበር። አሁን ስለሱ አንድ ነገር አወቁ። የዚያን ቀን ጨዋታው እጅግ መሽቶ ስለሆነ ሊያዩት አልቻሉም። ቀጣዩ መቼ እንደሆነ ግን አጠያይቀው ያዙ።

ቀኑ ሲደርስ፣ ፀሐይ ስትጠልቅ፣ ነጠላቸውን ተከናንበው ወደ ይሁኔ ኳስ ቤት ሄዱ። ከባጃጅ ተራው በስተጀርባ ያለ የቆርቆሮ አዳራሽ ነው፤ ውስጡ አግዳሚ ወንበር ተደርድሯል። ይሁኔ ዱሮ ሬዲዮና ቴሌቪዥን ይጠግን የነበረ፣ ድምፁ ዝግ ያለ ሰው ነው። እሳቸውን በሩ ላይ ሲያይ ልጃቸውን ሊጠሩ የመጡ እናት መሰሉት።

"ማንን ልጥራልዎት እትየ?"

"ማንንም አትጥራ። ብራዚልን ላይ ነው የመጣሁ።"

"ኳሱን?"

"ኳሱን። እንደ ሰው ከፍየ እገባለሁ።" ሊገቡ አሉና መለስ አሉ። "አንድ ነገር ልጠይቅህ። ይኸ ጨዋታ ሱዳንም ይታያል?"

"ይታያል።"

"ሊቢያም?"

"የትም ይታያል። ዓለሙ ሁሉ ባንድ ጊዜ ነው የሚያየው።"

"ቆይቶ ነው፣ ወይስ አሁን እኛ ስናይ?"

"አሁን እኛ ስናይ ነው እትየ።"

"እንግዲያ ልግባ" አሉ።

አዳራሹ ውስጥ ያለው ሰው ሁሉ ወንድ ነው። እሳቸው ሲገቡ ጫጫታው ቀነሰ፤ አንዳንዱ ከመቀመጫው ተነሣ። የኔነህ የሚባል የሩዝ መኪና ሾፌር፣ ትከሻው ሰፊ፣ ሲናገር አዳራሹን የሚሞላ ሰው፣ ከፊት ያለ ቦታውን ለቀቀላቸው። ይሁኔ ግን ከቤቱ የፕላስቲክ ወንበር አስመጥቶ አስቀመጣቸው። ጨዋታው ተጀመረ። እትየ ጸሐይነሽ ለጥቂት ጊዜ ካዩ በኋላ ወደ ይሁኔ ጠጋ አሉ።

"ያ ብቻውን የቆመው ምንድን ነው?"

"በረኛ ነው።"

"እረኛ? ምኑን ይጠብቃል?"

በዙሪያቸው ያሉት ሳቁ፤ እሳቸውም አብረው ሳቁ። ይሁኔ ደግሞ ሲያስረዳቸው፣ "ደጅ ጠባቂ ነው በለኝ እንጂ" አሉ። የሌሎቹን ነገር ማንም ሳያስረዳቸው ገባቸው። "ወንፈል ናቸው። አንዱ ሲደክመው አንዱ ይቀበለዋል።"

ከኋላ አንድ ሰው ዳኛውን ሊሳደብ ጀምሮ የኔነህ ዞር ብሎ ሲያየው ቃሉን ዋጠው። ጨዋታው ወደ ማለቂያው ሲደርስ ብራዚል አገባ። ቤቱ በጩኸት ተናጋ። እትየ ጸሐይነሽ አልጮኹም፤ እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው፣ አጠገባቸው እንዳለ ሰው፣ ቀስ ብለው "አየኸው?" አሉ።

ይሁኔ ሰማቸው። ሰው ወጥቶ ሲያልቅ እስከ መንገዱ ሸኛቸውና፣ "እትየ፣ ቅድም ማንን ነው ያነጋገሩት?" አላቸው። ነገሩት። የሙት ዓመቱን፣ የስልኩን፣ የተናገሩትን ቃል ሳይደብቁ ነገሩት። የይሁኔ የራሱ እናት የሚኖሩት አንበሳሜ ነው፤ ካያቸው ወራት አልፎት ነበር። ባጃጅ ጠርቶ አሳፈራቸው።

ከዚያ በኋላ የነበሩት ሁለት ጨዋታዎች ከእንቅልፍ ሰዓት በኋላ ነበሩ። እትየ ጸሐይነሽ ብቻቸውን የሚኖሩ ሴት ናቸው፤ በዚያ ሰዓት ሊወጡ አይሆንላቸውም። ሁለተኛው ባለፈ በማግስቱ ቀን ይሁኔ ሰው ላከባቸው፤ ጨዋታው በቀን ይደገማልና ይምጡ ብሎ። ሄዱ። አዳራሹ ባዶ ነው። ሁለቱ ብቻ ተቀመጡ።

"ይኸን ግን እሱ አሁን እያየው አይደለም" አሉ እትየ ጸሐይነሽ።

"አይደለም። ትናንት አይቶታል። ዛሬ እሱ ያየውን ያዩለታል።"

ይኸ ደግሞ ሌላ ነገር ሆነላቸው። ብራዚል አራት ጊዜ አገባ፤ ባገባ ቁጥር ተጫዋቾቹ ክብ ሠርተው፣ እግራቸውን እያፈጠኑ፣ ወገባቸውን እያዟዟሩ ጨፈሩ።

"ይኸ ነው ሳምባ ማለት?"

"ይኸው ነው። የት ያውቁታል?"

"በሬየ ነው" አሉትና ታሪኩን ሲያወሩት ይሁኔ እስኪያስለው ሳቀ።

በእረፍቱ ሰዓት ቴሌቪዥኑ የብራዚልን አገር ሰዎች አሳየ። ሰው አደባባይ ሞልቶ በትልቅ መጋረጃ ያያል፤ ከበሮ ይመታል፤ ልጆች ፊታቸውን ቢጫና አረንጓዴ ተቀብተዋል። መሐል ላይ አንዲት በዕድሜ የገፉ ሴት ቢጫ ልብስ ለብሰው፣ የአንገት መስቀላቸውን በጣታቸው ይዘው፣ ከንፈራቸውን ያንቀሳቅሳሉ።

"እኒያ ይጸልያሉ" አሉ እትየ ጸሐይነሽ። "ልጃቸው ርቆባቸው ይሆን?"

"ልጃቸው አጠገባቸው የቆመው ሳይሆን አይቀርም።"

"እሱስ ሌላው ይሆናል" አሉ። ከዚያ ምን እንደሚበሉ፣ ምን እንደሚያርሱ ጠየቁት። ይሁኔ የሚያውቀውን ነገራቸው። ሚስቱ አይናለም ወደ አማርኛ የተመለሰ የብራዚል ተከታታይ ድራማ አንድ ሰሞን ሳታቋርጥ ታይ ስለነበር እሱም አብሮ አይቷል። አማትና ምራት እንደሚጣሉ፣ እሑድ ቤተ ዘመድ አንድ ገበታ ላይ እንደሚቀርብ፣ ገበታው ላይ ሩዝና ባቄላ የመሰለ ጥቁር ወጥ እንደማይጠፋ አወራቸው።

"ሩዝ? እንደኛ?"

"በየቀኑ።"

እትየ ጸሐይነሽ ወደ ቴሌቪዥኑ ዞረው እኒያን ሴት ፈለጓቸው፤ አልፈዋል። "ሌላም ይሠራሉ ለካ" አሉ ለራሳቸው።

በወሩ መጨረሻ፣ ዓርብ ምሽት፣ ብራዚል ከክሮኤሺያ ተጫወተ። ያሸነፈው ያልፋል፤ የተሸነፈው አገሩ ይገባል። ይሁኔ ቤት መቆሚያ አልነበረም። የፕላስቲክ ወንበሯ ግን ከፊት ባዶዋን ትጠብቃለች፤ ማንም አልተቀመጠባትም። ጨዋታው ያለ ጎል አልቆ ተጨማሪ ሰዓት ሲሰጥ እትየ ጸሐይነሽ፣ "ደከማቸው እኮ፣ ለምን አያሳርፏቸውም" ይላሉ። ብራዚል አገባ። እሳቸው "ተመስገን" ብለው ነጠላቸውን አስተካክለው ሊሄዱ ተነሡ።

"አላለቀም እትየ" አላቸው ይሁኔ። "ትንሽ ቀርቶታል።"

ተመልሰው ተቀመጡ። ሊያልቅ ጥቂት ሲቀረው ክሮኤሺያ አገባ። ከዚያ የፍጹም ቅጣት ምት ሆነ። ይሁኔ አንድ በአንድ እየመቱ እንደሚለያዩ ሲነግራቸው፣ "ብቻውን? ያ ሁሉ ሰው ቆሞ አንዱ ብቻውን?" አሉ። አላማራቸውም። የብራዚል የመጀመሪያው መቺ ሳተ። ቆይቶ ሌላው መጣ። ኳሱ ብረቱን መትቶ ተመለሰ።

የኔነህ ያ ትከሻ ሰፊው ሰው አግዳሚው ላይ ጎንበስ ብሎ ፊቱን በማሊያው ሸፈነ። ትከሻው ይንቀጠቀጣል። ጓደኞቹ አፍረውለት ፊታቸውን አዞሩ። እትየ ጸሐይነሽ ተነሥተው አጠገቡ ተቀመጡና ጀርባውን ያሻሹት ጀመር። የኔነህም ቀና አላለም፤ አልተቃወመምም። ሰዉ አንድ በአንድ እየወጣ ሲያልቅ አብረው ተነሡና በር ላይ "ደኅና እደሩ እናቴ" አላቸው፤ ድምፁ ትንሽ ነበር።

በማግስቱ ጧት እትየ ጸሐይነሽ አውድማ ላይ ናቸው። የባላቸው ወንድም ባየህ በሬዎቹን እየነዳ ሩዙን ያበራያል፤ እሳቸው ገለባውን በመንሽ ይገለብጣሉ። ስልካቸው ጠራ። የማያውቁት ረጅም ቁጥር ነው።

"ሃሎ።"

ከወዲያ በኩል ሰው የሚተነፍስ ይሰማል።

"እማ።"

መንሹን መሬት ላይ አስቀመጡት። "እንግዳው" አሉ።

"እኔ ነኝ።"

"ደኅና ነህ?"

"ደኅና ነኝ። አንቺ ደኅና ነሽ?"

"ደኅና ነኝ።"

ባየህ ነገሩ ገብቶት በሬዎቹን አቁሞ፣ ዱላውን እንደያዘ ያያቸዋል።

"ብራዚል ተሸነፈ" አለ እንግዳው።

"አውቃለሁ።"

"ማን ነገረሽ?"

"ማንም አልነገረኝ። ሳይ ነበር።"

"ምን ስታይ?"

"ኳሱን ነዋ። ከተማ፣ ይሁኔ ኳስ ቤት።"

ስልኩ የተቋረጠ መስሏቸው "ሃሎ" አሉ።

"አለሁ" አላቸው። "እኔ መጨረሻውን አላየሁትም። ሊመቱ ሲሉ መብራት ጠፋብን። ጨለማ ውስጥ ሆነን ነው ሰው ደውሎ የነገረን።"

"ብረቱን መታው" አሉት። "በረኛው እንኳ አልነካውም። ሊገባ ትንሽ ነበር የቀረው። ከዚያ ልጁ ራሱን ይዞ ቆመ። የኔ ልጅ፣ ያሳዝን ነበር።"

እንግዳው ማልቀሱን ከአተነፋፈሱ አወቁ። ጠበቁት።

"ትናንት ስንሸነፍ ወዴት እንደምሄድ ጠፋኝ" አላቸው። "ስንቴ ቁጥርሽን ጽፌ አጠፋሁት።"

"እኔ ያን ጊዜ የተናገርሁህ አፌ ነው እንጂ አንጀቴ አልነበረም። በማግስቱ ብደውል አጣሁህ።"

"ስልኩ ተሰርቆብኝ ነበር። ቁጥርሽ ግን ከጭንቅላቴ አልጠፋም። ፈርቸሽ ነው።"

"አሁንስ?"

"አሁንም ትንሽ።"

እትየ ጸሐይነሽ ሳቁ፤ ሲስቁ እንባቸው ወረደ። ባየህ ወደ በሬዎቹ ዞሮ ሳምባን ያለ ምክንያት ጀርባውን መታ መታ አደረገው።

ከዚያ ወዲህ በየእሑዱ ይደዋወሉ ነበር። እንግዳው ካርቱም ጭማቂ ቤት ነው የሚሠራው። እትየ ጸሐይነሽ ምን እንደሚጨምቅ፣ ከማን ጋር እንደሚያድር፣ ማን ልብሱን እንደሚያጥብለት ሁሉ ይጠይቁታል። ሲመለስ የት ቤት እንደሚሠራም ተነጋገሩ። በፋሲካ ዋዜማ ግን የካርቱም ጦርነት ተነሣ፤ ስልኩም ተቋረጠ።

እትየ ጸሐይነሽ ወደ ይሁኔ ቤት ሄዱ። ሌላ የሚሄዱበት አልታያቸውም። አዳራሹ ሞልቶ የእንግሊዝ ኳስ ይታያል። ይሁኔ ሲያያቸው ገባው፤ ኳሱን ዘግቶ ወሬ ወደሚያሳየው ጣቢያ አዞረው። አንዱ ሊያጉረመርም ሲል የኔነህ "ልጃቸው እዚያ ነው" አለ። ያ ሁሉ ወንድ ኳሱን ትቶ፣ የሚቃጠል ሕንፃና የሚሸሽ ሰው አብሯቸው አየ። በሚቀጥሉትም ቀናት እንዲሁ ሆነ። እሳቸው ብቅ ሲሉ ጣቢያው ይዞራል፤ ሲሄዱ ኳሱ ይቀጥላል።

ግንቦት ላይ፣ በቀትር፣ ከጎንደር በኩል የመጣ መኪና ወረታ መገንጠያው ላይ አንድ ከሲታ ሰው አወረደ። እጁ ላይ አንዲት ከረጢት ናት። ሰውየው ወደ ሰፈሩ በሚወስደው መንገድ ጥቂት ከሄደ በኋላ ቆመ፣ ተመለሰና ባጃጅ ተራው ላይ የይሁኔን ኳስ ቤት ጠየቀ። ይሁኔ በሩ ላይ አምፖል ይቀይር ነበር።

"እንግዳው ነኝ" አለው። "የጸሐይነሽ ልጅ። ድንገት ብገባባት ትደነግጥብኛለች ብየ ነው።"

ይሁኔ ከመሰላሉ ወርዶ እጁን በልብሱ ጠረገና አቀፈው። ከዚያ በፊት ተያይተው አያውቁም። በባጃጅ አብረው ሄዱ። ይሁኔ ቀድሞ ሊገባ፣ "እንግዳ መጥቶልዎታል" ሊላቸው ተስማምተው ነበር። እትየ ጸሐይነሽ ግን ደጅ ላይ የዘር ሩዝ አስጥተው ወፍ እየከለከሉ ስለነበር ባጃጁ ገና ሳይቆም አዩት። አልሮጡም። ባሉበት ቆመው እስኪደርስ ጠበቁት፤ ሲደርስ ፊቱን በሁለት እጃቸው ያዙት።

"ከስተሃል" አሉት።

"ይመለሳል" አላቸው።

ይሁኔ ውኃ እንኳ ሳይቀምስ በዚያው ባጃጅ ተመለሰ። በዚያው ሳምንት እሱም አንበሳሜ ሄዶ እናቱን አይቶ መጣ።

እንግዳው መጀመሪያ ሰሞን ብዙ ይተኛል፤ ሲነቃም ብዙ አያወራም። እናቱ ያየውን እንዲነግራቸው አላስጨነቁትም። ዝናቡ ሲገባ ሳምባንና ጓደኛውን ጠምዶ እርሻ ወጣ፤ ከአረሙ በኋላ ወሬው ቀስ በቀስ ተከፈተ። አንድ ቀን እናቱ ኳስ ቤት እንሂድ ቢሉት፣ "ቆይ፣ ሰው ለበዛበት ቦታ ገና ነኝ" አላቸው። ከመስከረም በኋላ ነው አብሯቸው የሄደው፤ በአገሩም ውጊያ ገብቶ መንገዱም መብራቱም እንደ ልብ የማይሆንበት ጊዜ መጥቶ ስለነበር የይሁኔ ቤት ከሚከፈትበት ቀን የሚዘጋበት ይበዛ ነበር።

በአሥራ ሰባት ዓመተ ምሕረት ጥር ላይ እንግዳው ናፍቆት የምትባል የይፋግ ልጅ አገባ። ጊዜው ሠርግ የሚያስደግስ አልነበረም፤ ጥቂት ዘመድና ጎረቤት ብቻ ተጠራ። ዳሱ ሲጣል የሰው መቀመጫ ጎደለ። ይሁኔ ይኸን ሰምቶ አግዳሚዎቹን ሁሉ ከአዳራሹ አስወጥቶ በየኔነህ መኪና ጭኖ አመጣቸው፤ አግዳሚዎቹ ሲመጡ የኳስ ቤቱ ሰዎችም አብረው መጡ። ከባየህ እስከ የኔነህ፣ ከገጠር እስከ ከተማ፣ ሰው ሁሉ በእነዚያ አግዳሚዎች ላይ ተደርድሮ በላ፣ ጠጣ፣ ዘፈነ። እንግዳው ሲጨፍር እግሩን ባልተለመደ መንገድ አፈጠነ፤ ሽማግሌዎቹ "ይኸ የሱዳን ነው?" ተባባሉ።

እትየ ጸሐይነሽ ከጧት ጀምሮ አንድ ጊዜ እንኳ አልተቀመጡም። እንግዳ ይቀበላሉ፣ ያስበላሉ፣ ያጠጣሉ፣ ካህናቱን ይሸኛሉ። ዘጠኝ ሰዓት ገደማ ሲሆን ዳሱ ጥግ ያለ አንድ አግዳሚ ጫፍ ላይ ቁጭ አሉና ምሰሶውን ተደገፉ። ናፍቆት ምግብ ልታቀርብላቸው ስትመጣ፣ ከበሮው እየተመታ፣ እንቅልፍ ወስዷቸው አገኘቻቸው። ልትቀሰቅሳቸው ጎንበስ ስትል እንግዳው ከሩቅ በእጁ ከለከላት። ነጠላቸው ከትከሻቸው ተንሸራቶ ነበር፤ አነሣችና ደረበችላቸው።